ኡሶፕ ጣና ዳር ቢወለድ ኖሮ፦ የአኒሜ ገጸ ባሕርይን በራስ ቨርዥን የመሥራት መመሪያ

አኒሜ፣ ማለትም የጃፓን የካርቱን ፊልም፣ የሚወድ ሰው ታሪኩ ስላለቀ ብቻ አይፋታውም። «የናሩቶ ወላጆች ባይሞቱስ?»፣ «ክፉው ጀግና ቢሆን፣ ጀግናውስ ቢከፋ?»፣ «ሁሉም ተራ ተማሪ ቢሆኑስ?» እያለ ያወጣል ያወርዳል። አንዱ ይጽፈዋል፣ ሌላው ይስለዋል። ገጸ ባሕርዩን ከዓለሙ አውጥቶ ሌላ ዓለም ውስጥ የሚያኖር ሥራ በአድናቂዎቹ ዘንድ ኤዩ ይባላል። ደራሲው ራሱ የሠራው ዋናው ታሪክ ደግሞ ካኖን ነው። ልማዱ ከኢንተርኔት ይቀድማል። ጃፓን ውስጥ አድናቂው በራሱ ወጪ አሳትሞ የሚሸጠው መጽሔት ዶጂንሺ ይባላል። ትልቁ የዶጂንሺ ገበያ፣ ኮሚኬት፣ ቶኪዮ ላይ የተጀመረው በ1975 እ.ኤ.አ. ነው።

በእኛ ሰፈር የሚሠሩ ቨርዥኖች ብዙ ጊዜ ልብስ ቀይረው ይቆማሉ። የዋን ፒሱ ጀግና ሉፊ ጋቢ ይደርባል፣ ኒንጃው ናሩቶ ዘንባባ ሥር ይቆማል፣ ከጀርባቸው ጣና ይታያል። ሥዕሉ ያምራል፣ ላይክም ያገኛል። ታሪክ ግን የለውም። እኔ የማምንበት አሠራር ሌላ ነው። ገጸ ባሕርዩ የጎደለውን ነገር አጥብቃችሁ ያዙ። ዓለሙን ከሥሩ ቀይሩ። ከዚያ አዲሱ ዓለም ታሪኩን ወደ ፈለገበት ሲገፋው አትከልክሉት። ይህን በተግባር ላሳያችሁ። ቦታው ባሕር ዳር ነው፤ ልጁ ደግሞ በባሕር ወንበዴዎቹ ታሪክ በዋን ፒስ የሉፊ ጓደኛ የሆነው ኡሶፕ።

1. ልጁን ምረጡ

የምትወዱትን ሳይሆን በደንብ የምታውቁትን ምረጡ። ሁለቱ አንድ ሰው ከሆኑ እሰየው። ፖስተሩን ብቻ የወደዳችሁትን ገጸ ባሕርይ ይዛችሁ ከተነሳችሁ ሦስተኛው ገጽ ላይ የምትጽፉት ያልቅባችኋል።

ኡሶፕን የመረጥኩት ያለ ምክንያት አይደለም። የዋን ፒስ ደራሲ ኤይቺሮ ኦዳ በማንጋው (በሥዕል በሚነገረው የታሪክ መጽሐፍ) ጥራዞች ውስጥ የአንባቢ ጥያቄ የሚመልስበት ገጽ አለው። አንድ ጊዜ «ገጸ ባሕርያቱ በእኛ ዓለም ቢኖሩ የየት አገር ሰዎች ይሆኑ ነበር?» ተብሎ ተጠየቀ። ሉፊን ብራዚላዊ፣ ዞሮን ጃፓናዊ፣ ሳንጂን ፈረንሳዊ አደረጋቸው። ኡሶፕን አፍሪካዊ አለው። አገሩን አልጠቀሰም። በሩ ክፍት ነው ማለት ነው፤ እንግባበት።

2. አጥንቱን አውጡ

ወረቀት ያዙና አራት ነገር ብቻ ጻፉ። ምን ይፈልጋል? ምን ተወስዶበታል? ሲጨንቀው ምን ያደርጋል? ሰው ስለ እሱ ምን ያስባል? መልሱ ከአንድ ወይም ከሁለት መስመር አይለፍ።

የኡሶፕ እንዲህ ይሆናል። ጀግና የባሕር ሰው መሆን ይፈልጋል። አባቱ ያሶፕ ከባሕር ወንበዴዎች ጋር ሄዶ አልተመለሰም። እናቱ ታማ ተኝታ ሳለች፣ እንድትበረታ ብሎ መርከብ መጣ እያለ ይጮህላት ነበር። መርከብ አልመጣም፤ እናቱ ሞተች። እሱ ግን ከዚያ በኋላም በየማለዳው «የባሕር ወንበዴዎች መጡ!» እያለ መንደሩን መረበሹን አላቆመም። ሲጨንቀው ይዋሻል፣ ይሸሻል፤ ሌላ ሰው ሊጎዳ ሲል ግን ይመለሳል። ሰዉ ውሸታም ይለዋል።

ረጅሙን አፍንጫ እዚህ አልጻፍኩም። ወንጭፉንም አልጻፍኩም። እነሱ የሚታዩ ነገሮች ናቸው፤ ተራቸው ወደ ኋላ ይደርሳል።

3. ምን እንደምትቀይሩ ወስኑ

አድናቂዎች የሚሠሩት ቨርዥን ብዙ ዓይነት ነው። በዋናው ዓለም ውስጥ አንድ ክስተት ብቻ የሚቀይር አለ። ዓለሙን ጨርሶ የሚቀይር አለ። ሚና የሚያለዋውጥ፣ ዕድሜ የሚጨምር፣ ወንዱን ሴት የሚያደርግም አለ። አንዱን ብቻ ምረጡ። ጀማሪ ሁሉንም ደራርቦ ሲሠራ አንባቢ የሚያውቀውን ልጅ ፈልጎ ያጣዋል።

አንድ ክስተት መቀየር ምን ያህል እንደሚበቃ ለማየት በ2012 እ.ኤ.አ. የወጣውን «ሮድ ቱ ኒንጃ» የተባለውን የናሩቶ ፊልም እዩ። የናሩቶ ደራሲ ማሳሺ ኪሺሞቶ ራሱ ታሪኩ ውስጥ እጁ አለበት። ናሩቶና ጓደኛው ሳኩራ ሌላ ዓለም ውስጥ ይገባሉ። እዚያ የናሩቶ እናትና አባት በሕይወት አሉ። የሳኩራ ወላጆች ግን የሉም። ዕድሜውን ሙሉ ብቸኛ የነበረው ልጅ የእናቱን ምግብ ሲቀምስ ምን ይሆናል? ነጻነት የናፈቃት ሳኩራ ባዶ ቤት ስትገባስ? ፊልሙን የያዘው ይህ ጥያቄ ነው። ናሩቶ ያው ናሩቶ ነው፤ ጉድለቱ ብቻ ፊት ለፊቱ መጥቶ ቆመ።

እኛ የምንሠራው ሁለተኛውን ዓይነት ነው። ዓለሙ ሙሉ በሙሉ ይቀየራል።

4. ሐይቁ ዳር ውጡ

ባሕር ዳር ውስጥ ሆኖ የባሕር ዳርን ሥዕል ከስልክ ላይ መቅዳት ያሳዝናል። በማለዳ ውጡ። ስታዩ ግን ውበቱን ለፎቶ አንሺዎች ተዉላቸው፤ እናንተ ሥራ ሥራውን እዩ። ማን ምን ተሸክሟል? ማን ማንን ይጠብቃል? ማን ለማን ይታዘዛል? አዲሱ ዓለማችሁ የሚሠራው ከዚህ ነው።

ለምሳሌ የደንገል ታንኳን ተመልከቱ። ከዘጌ እንጨት ጭኖ ይመጣል። ደንገል ውኃ እየጠጣ ይከብዳል። ስለዚህ ሥራው ሲያበቃ ታንኳው ወደ ዳር ይወጣና ፀሐይ እንዲመታው ይደረጋል። እንደዚያም ሆኖ ዕድሜው አጭር ነው፤ ባለቤቱ እንደገና ሌላ ማሰር አለበት። ይህን ያወቀ ሰው የሚጽፈው የታንኳ ትዕይንትና ሳያውቅ የሚጽፈው በጣም ይለያያሉ። የታንኳ ሥራ ደግሞ ከማንም በላይ የነገደ ወይጦ ሰዎች እውቀት ነው። ሄዳችሁ በአክብሮት ጠይቋቸው። ሳታስፈቅዱ ፎቶ አታንሱ።

ዓሣ ቤቶቹ ጋ ጎራ በሉ። ቀረሶና አምባዛ ለዩ። ዓባይ ከጣና የሚወጣበት አካባቢ ስለ ጉማሬ ጠይቁ፤ የሚያወራችሁ ሰው አታጡም። እምቦጩንም አትርሱ። ጣና ላይ መታየቱ የታወቀው በ2011 እ.ኤ.አ. ነው። ታንኳ ሲያግድና መረብ ሲያበላሽ ያየ ሰው ሌላ ጭራቅ መፍጠር አያስፈልገውም።

5. ሥራ ስጡት

ገጸ ባሕርይ አዲስ ዓለም ውስጥ የሚገባው በሥራው በኩል ነው። ምን በልቶ ያድራል?

ኡሶፕን መጀመሪያ የጀልባ አስጎብኚ ላደርገው አስቤ ነበር። ቱሪስት ጭኖ ገዳማት ሲወስድ እያጋነነ የሚያወራ ልጅ። ያስቃል፣ ያስኬዳልም። ግን ውሸቱ እዚያ ማንንም አይጎዳም፤ እንዲያውም ጉርሻ ያስገኝለታል። አጥንቱ ላይ «ሰዉ አያምነውም» የሚል አለ፤ ይህ ሥራ ያንን ይሰርዘዋል። ተውኩት።

የተሻለው ይኸውላችሁ። ኡሶፕ ከከተማው ዳርቻ፣ ሐይቁ አጠገብ፣ የሰው በቆሎ ይጠብቃል። ማማ ላይ ይውላል። ወፍና ጦጣ በወንጭፍ ያባርራል። ማታ ማታ ከውኃ ወጥቶ ማሳ የሚገባ ጉማሬ ካለ ጮሆ ሰው ይጠራል። ወንጭፉ ሳንፈልገው ራሱ መጣ! የካኖኑ ባላና ላስቲክ ያለው ነው፤ የእኛው ገመዱን አሽከርክሮ የሚወረወረው ይሁን። ከሁሉ በላይ ግን ጩኸቱን ተመልከቱ። በካኖን ኡሶፕ የሚጮኸው ሥራ ፈትቶ ነው። እዚህ ግን ጩኸቱ ደመወዙ ነው። ጩኸቱ ካልታመነ የሰው እህል ይበላል፣ እሱም ይባረራል። ውሸቱ ዋጋ አገኘ።

6. ዓለሙ ሲገፋ አትከልክሉት

ብዙ ሰው የሚሰንፈው እዚህ ነው። የካኖኑን ታሪክ ትዕይንት በትዕይንት ይገለብጣል። አታድርጉት። በየትዕይንቱ «ይህ ነገር እዚህ ይሠራል ወይ?» ብላችሁ ጠይቁ።

አባትየው የት ሄደ? ጣና ላይ የባሕር ወንበዴ የለም። ከጎጃም የሚሄድ አባት ግን የት እንደሚሄድ እናውቃለን። ሰሊጥ ሲደርስ ለቀን ሥራ መተማ ወረደ፤ አልተመለሰም። ታዲያ ልጁ ለታመመችው እናቱ የሚጮኸው መርከብ አይሆንም። «እምዬ፣ የመተማው አይሱዙ መጣ!» ይሆናል። እናትየው ስትሞት ይህን ጩኸት ሊደግመው አንጀቱ አይችልም። መጮህ ግን ለምዶበታል። «ጉማሬ ወጣ!» ማለት የጀመረው ያን ጊዜ ነው። በካኖን አንድ የነበረው ጩኸት ሁለት ሆነ። እኔ አልፈጠርኩትም፤ ቦታው አስገደደኝ።

አሁን ወደ ዋናው ግጭት። በካኖን ኡሶፕ ካያ ለምትባል ሕመምተኛ ሀብታም ልጅ ተረት ይነግራታል። የቤቷ አሽከር ደግሞ ማንነቱን የደበቀ የወንበዴ አለቃ ነው፤ ገድሎ ሀብቷን ሊወርስ አድብቷል። ኡሶፕ ይህን ሰምቶ ሲጮህ ማንም አያምነውም። በመጨረሻ ከሉፊና ከጓደኞቹ ጋር ሆኖ ወንበዴዎቹን ይመልሳል። ከዚያ የሚያደርገው ነገር ነው እኔን ኡሶፕን ያስወደደኝ። እውነቱን አይናገርም። መንደሩ በሰላም እንዲተኛ ብሎ ውሸታም እንደተባለ ይቀራል።

ይህን ጣና ላይ እንትከለው። ካያ የጀልባዎች ባለቤት ልጅ ትሁን፤ አሽከሩ ሥራ አስኪያጅ ይሁን። አደጋውስ? የመጀመሪያው ሐሳብ «አንድ ቀን እውነተኛ ጉማሬ ይምጣ» የሚል ነው፤ ለሁሉም ሰው ይመጣል። ግን አይሠራም። ጉማሬ ጭቃ ላይ ኮቴ ይተዋል፣ የበላው በቆሎ ይታያል። ጠዋት መንደሩ ሁሉ ኡሶፕ እውነቱን እንደነበር ያውቃል። ዝም የማለት ዕድሉን አጣ፤ ከዚህ ገጸ ባሕርይ ላይ ደግሞ ዝምታው ከተወሰደ ምን ቀረ?

ስለዚህ አደጋው በውኃ ይምጣ። ሥራ አስኪያጁ የቀጠራቸው ሰዎች በሌሊት በሞተር ጀልባ ይመጣሉ። ኡሶፕ ከማማው ላይ መብራታቸውን ያያል። ይጮሃል፤ «ደሞ ጀመረው!» ብለው ይተኛሉ። ከደንገሉ ውስጥ ተደብቆ በወንጭፍ ይመክታቸዋል። ሲነጋ ሐይቁ ላይ አንድም ምልክት የለም። ውኃ ዱካ አይይዝም። ዝም ማለት ይችላል፤ ዝምም ይላል። ማሳው ዳር የቆሙት ጎረቤቶች «ማታ ምን ነበር የምትጮኸው?» ሲሉት «ጉማሬ ነበር» ይላል። ይስቁበታል። ካኖኑን ያወቀ አንባቢ እዚህ ጋ ያለቅሳል፤ ካኖኑን የማያውቀውም ይገባዋል።

7. ልዩ ኃይል ካለው

ኡሶፕ ኃይል ስለሌለው ቀለለን። ሉፊን ለምትሠሩ ግን ልንገራችሁ። ኃይሉን ከማስቀረታችሁ በፊት የኃይሉን ዕዳ እዩ። ሉፊ ኃይሉን ያገኘው ዴቪል ፍሩት የሚባል ፍሬ በልቶ ነው፤ ይህን ፍሬ የበላ ሰው ደግሞ መዋኘት አይችልም። ታዲያ መዋኘት የማይችል ልጅ፣ ውኃ እየጠጣ በሚከብድ የደንገል ታንኳ፣ ጣና መሐል! በየደቂቃው ልብ ይሰቅላል። እጁ እንደ ላስቲክ ተለጠጠ አልተለጠጠ ከዚያ በኋላ የእናንተ ምርጫ ነው። ቁምጣውን አትንኩበት። ሉፊ ድሮም ቁምጣ ለባሽ ነው፤ ጎጃም ውስጥ ማንም ዞር ብሎ አያየውም። የሣር ባርኔጣውም እንዲሁ።

8. ንግግሩን አስተካክሉ

ከእንግሊዝኛ ሰብታይትል የተማረ ሰው ሲጽፍ ሁሉም ገጸ ባሕርይ «አንተ» እየተባባለ ያወራል። ጃፓንኛው እንደዚያ አይደለም፤ ማን ለማን ምን እንደሚል በጥብቅ የተለየ ነው። አማርኛም ይህ ሀብት አለው። ተጠቀሙበት።

ኡሶፕ እናቱን «አንቺ» ይላል። ማሳው ዳር የሚያልፉትን ሽማግሌ «አባባ፣ ይምጡ!» ይላል፤ ጎጃም ነውና «አንቱ» ቢልም ያምርበታል። ካያን፣ እኩያው ናትና፣ «አንቺ» ይላታል፤ ሌላ ሰው ሲኖር ግን ስሟን መጥራት ያፍራል። ሥራ አስኪያጁን ሁልጊዜ «እርስዎ» ይለዋል። ተንኮሉን የሰማ ሌሊት ግን «አንተ!» ይበለው። አንድ ቃል ናት። ከዚያ በፊት ባሉት ገጾች ሁሉ «እርስዎ» ሲል ከቆየ፣ ያቺ «አንተ» ከድንጋዩ በፊት ትመታለች።

ስሙን «ኡሶፕ» ብላችሁ ተዉት። «ውሸቱ» የሚል ቅጽል መንደሩ ሊያወጣለት ይችላል፤ መንደር ደግሞ ያወጣል።

9. አሁን ሳሉት

አንባቢ ገጸ ባሕርዩን ከሩቅ የሚለይባቸውን ሁለት ወይም ሦስት ምልክቶች አስቀሩ፤ ሌላውን ቀይሩ። ለሉፊ ባርኔጣውና ከግራ ዓይኑ ሥር ያለው ጠባሳ ይበቃሉ። ለናሩቶ ጉንጩ ላይ ያሉት መስመሮች። ለኡሶፕ አፍንጫውና የተጠቀለለ ፀጉሩ፤ ፀጉሩን ጎፈሬ አድርጉት፣ ምንም አይጎድልበትም። ሕፃንነቱን ስትስሉ ቁንጮ ይኑረው። ለቀለም ስልክ ላይ አይቢስ ፔይንት የተባለው የሥዕል መተግበሪያ ይበቃል። ረቂቁን በእርሳስ ሠርታችሁ ጥላ በሌለበት የቀን ብርሃን ፎቶ አንሱትና በሌላ ሌየር ላይ መስመሩን አውጡ።

አንድ ነገር ግን ከዘጌ እንድትማሩ እለምናችኋለሁ። ዑራ ኪዳነ ምሕረት ገብታችሁ የመቅደሱን ግድግዳ ሥዕሎች ተመልከቱ። በቤተ ክርስቲያን ሥዕላችን ልማድ ጻድቁ ፊቱ ወደ እኛ ዞሮ፣ ሁለት ዓይኑ እየታየ ይሳላል። ክፉው በጎን፣ በአንድ ዓይን ይሳላል። ለአኒሜ ሠዓሊ ይህ ትልቅ ስጦታ ነው፤ አኒሜ ራሱ በዓይን ነውና የሚናገረው።

ናሩቶን ያልጨረሳችሁ ይህን አንቀጽ ዝለሉት። ኢታቺን አስቡ። ጎሳውን የጨረሰ፣ ታናሽ ወንድሙ የሚያሳድደው ከሐዲ ሆኖ ነው የምናውቀው። እውነቱ የሚወጣው ከሞተ በኋላ ነው፤ ያደረገውን ያደረገው ታዝዞ፣ መንደሩንና ወንድሙን ለማዳን ብሎ ነበር። ይህን በተከታታይ ሥዕል ብትሠሩት ኢታቺን ከመጀመሪያው ጀምሮ በጎን ብቻ ሳሉት። አንድ ዓይን። ሲስቅም፣ ሲዋጋም፣ ሲሞትም። እውነቱ የሚገለጥበት ገጽ ላይ ፊቱን አዙሩት፤ ሁለት ዓይን። አንድም ቃል መጻፍ አያስፈልጋችሁም። የኡሶፑን ሥራ አስኪያጅ ደግሞ ከመጀመሪያው በጎን መሳል እንዳትረሱ፤ አስተዋይ አንባቢ ቀድሞ ይጠረጥረዋል።

የሥዕሉን ዘዴ መማር አንድ ነገር ነው፤ ቅዱሳንን በአኒሜ ገጸ ባሕርይ መተካት ሌላ። ታቦት፣ መቅደስ፣ የቅዱሳን ሥዕል አትንኩ። የቆሎ ተማሪ ሕይወት ግን ሰፊ ሜዳ ነው። ደበሎ ለብሶ፣ አኩፋዳ አንግቶ፣ ውሻ እያባረረው የሚለምን፣ የኔታ ፊት ቅኔ የሚቆጥር ልጅ፤ ሦስት ጊዜ ፈተና የወደቀው ናሩቶ እዚያ ቤቱ ነው።

10. ከመልቀቃችሁ በፊት

ሁለት ሙከራ አድርጉ። አንደኛ፣ ስሙን ደብቃችሁ አኒሜ ለሚያውቅ ጓደኛ አንብቡለት። ማን እንደሆነ ከገመተ አጥንቱ አለ። ሁለተኛ፣ «ጣና» የሚለውን ሁሉ «ሐዋሳ» ብላችሁ ተኩት። ታሪኩ ምንም ካልሆነ ቦታው እየሠራ አይደለም፤ ወደ ቁጥር 4 ተመለሱ።

ቴሌግራም ላይ ስትለጥፉ ከላይ የአኒሜውን ስም፣ የደራሲውን ስም፣ ኤዩ መሆኑን ጻፉ። የታሪኩን ምስጢር የሚያወጣ ከሆነ አስጠንቅቁ። የሌላ አድናቂ ሥዕል ከወሰዳችሁ ፈቃድ ጠይቁ፣ ስሙን ጥቀሱ። የሰው መስመር ላይ ደርቦ መሳልን እንደ ራስ ሥራ ማቅረብ ሌብነት ነው። ብዙዎቹ ገጸ ባሕርያት ልጆች ናቸው፤ በወሲባዊ መልክ አይሳሉም፣ አይጻፉም። ገንዘብ ካሰባችሁ የራሳችሁን ገጸ ባሕርይ ፍጠሩ፤ ኡሶፕ የኦዳ ነው።

ምዕራፍ ሁለትን ጽፋችሁ ሳትጨርሱ ምዕራፍ አንድን አትልቀቁ። አንባቢ አስተያየት መስጠት ሲጀምር «ኡሶፕ እውነቱን ይናገር!» የሚል ይበዛል። ሁለተኛው ምዕራፍ እጃችሁ ላይ ካለ ለጩኸቱ ብላችሁ ታሪኩን አትቀይሩትም።